ሞላሌ በድምፁ የምታውቀው ተዋናይ

ጆሮ ያለህ ስማ፤ ጊዜ ያለሽ ቁጭ በይ። የምተርክላችሁ የሁለት ተዋንያን ታሪክ ነው። አንዱን ዓለም በፊልም አይቶታል፤ ስሙ ደበበ እሸቱ ነው። ሌላውን እኛ የመንዝ ሰዎች መልኩን ሳናይ በድምፁ ወደድነው፤ ስሙ ወጋየሁ ንጋቱ ነው። የአንድ ዘመን ልጆች፣ የአንድ መድረክ ባልደረቦች ነበሩ፤ ሙያቸውንም ሃንጋሪ አገር፣ ቡዳፔስት ድረስ ሄደው ተምረዋል። የየራሳቸውን ለብቻ መተረክ ይቻል ነበር። እኔ ግን አንድ ላይ ነው የማወራው፤ የአንዱን መንገድ ያላየ ሰው የሌላው ምን ያህል እንደራቀ አይታየውምና።

አስቀድሜ ስለ ሰሚው ልናገር። ሞላሌ የመንዝ ማማ ምድር ከተማ ናት። ከደብረ ብርሃን ተነሥቶ ጣርማ በር ላይ የደሴውን መንገድ የተወ መንገደኛ ብርዱ እየጠናበት፣ ሜዳው እየሰፋበት ይመጣል። ደጋው ገብስና ባቄላ፣ ስንዴና ምስር ያበቅላል። በጉ ጠጉራም ነው፤ ባናውና በርኖሱ ከዚያ ጠጉር ይሠራል። እንጨት ብርቅ ስለሆነ ምድጃው የሚነደው በኩበት ነው። አገሩ ማማ፣ ላሎና ጌራ ተብሎ በሦስት የተከፈለው በአቅኚ አባቶች ስም ነው ይላሉ ሽማግሌዎች። ሕዝቡ ርስቱን ከአባት ከእናቱ ቆጥሮ የሚያውቅ፣ ለዚያ ርስት ሲል ዳኛ ፊት ዓመት ሙሉ ቢመላለስ የማይሰለች ነው። አሜሪካዊው ምሁር ዶናልድ ሌቪን «ሰምና ወርቅ» የተባለውን መጽሐፉን የጻፈው መንዝ መጥቶ፣ ከዚሁ ሕዝብ ጋር ተቀምጦ አጥንቶ ነው።

በዚህ አገር መጋረጃ የሚከፈትበት ትያትር ቤት አልነበረም። መድረክ ግን ነበር። በላ ልበልሃ ሲባል አስቡት። ተሟጋቹ ጋቢውን አስተካክሎ ብድግ ይላል፤ ዘንጉን ይጨብጣል፤ ነገሩን በግጥም አስሮ ዳኛው ፊት ይዘረግፈዋል። የት ላይ ድምፁን ከፍ፣ የት ላይ ዝግ እንደሚያደርግ፣ ሸንጎው የሚስቅበትንና የሚያዝንበትን ቦታ ጠንቅቆ ያውቃል። ለቅሶ ቤት ደግሞ አልቃሿ አለች። ሙሾ ስታወርድ ሟቹ ከነወግ ማዕረጉ ከፊታችን ይቆማል። ፎካሪው፣ ሸላዩ፣ ሰርግ የሚያደምቀው አዝማሪ፣ መምህሩ ፊት ቅኔ የሚዘርፈው ተማሪ፣ ሁሉም በሰው ፊት መቆምን የተካኑ ናቸው። መንዝ እንግዲህ ተዋናይን ሲሰማ ለመመዘን አይቸገርም። ከልብ የወጣውን ድምፅ ከአንገት በላይ ከሆነው ለመለየት ማንም እንዲያስተምረው አይፈልግም።

አዲስ አበባ ላይ ያለው ትያትር ሁለቱ ተዋንያን ብቅ ባሉበት ጊዜ ገና ለጋ ነበር። በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም የእንስሳት ተረትን መነሻ አድርገው የመጀመሪያውን ዘመናዊ ተውኔት ያሳዩት በ1913 ዓ.ም. ግድም ነው። ሀገር ፍቅር ማኅበር በ1927 ዓ.ም. ጣሊያን ደጅ ላይ በደረሰበት ሰዓት ተመሠረተ። ዛሬ ብሔራዊ ትያትር የምንለው ትልቁ ቤት ደግሞ በ1948 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ትያትር ተብሎ በቢትወደድ መኰንን እንዳልካቸው «ዳዊትና ኦርዮን» ተከፈተ። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት መድረክ ላይ የምትወጣ ሴት ጠፍታ ወንዶች የሴት ቀሚስ ለብሰው ይጫወቱ ነበር። ኋላ በቴሌቪዥን የልጆች ሁሉ አባት የሆኑት አባባ ተስፋዬ፣ ተስፋዬ ሳህሉ፣ ሴት ሆነው ከተጫወቱት የመጀመሪያው ናቸው። ልጄ ተዋናይ ሆነልኝ ብሎ በኩራት የሚናገር ወላጅ አልነበረም። «አዝማሪ ልትሆን ነው?» የሚለው ቃል ስንቱን ልጅ ከደጃፍ እንደመለሰ እግዜር ይወቀው።

ደበበና ወጋየሁ ያልተመለሱት ናቸው። በ1950ዎቹ አጋማሽ በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ የኪነ ጥበብ ማዕከል ተቋቁሞ ነበር። አሜሪካ ተምሮ የተመለሰው ተስፋዬ ገሠሠ፣ አዘጋጁ አባተ መኩሪያ፣ እነዚህ ሁለት ወጣቶችም በዚያ አካባቢ ተሰባሰቡ። ጸጋዬ ገብረ መድኅን ሼክስፒርን ወደ አማርኛ የሚመልስበት፣ የራሱንም ከባድ ከባድ ተውኔቶች የሚጽፍበት፣ መንግሥቱ ለማ ደግሞ በሳቅ የሚገርፍ ኮሜዲውን የሚያወጣበት ዘመን ነበር። እንዲህ ያለ ጽሑፍ በደመ ነፍስ ብቻ አይጫወቱትም። የጸጋዬ ቃል ከባድ ነው፤ ትንፋሹን ያልገራ ተዋናይ መሐል መንገድ ላይ ይወድቅበታል። ለዚህ ነው ሁለቱ ወጣቶች ቡዳፔስት መሄዳቸው ትልቅ ነገር የሆነው። ትወና ልምምድና ሥርዓት ያለው፣ ድምፅ የሚገራበት፣ አካል የሚሰለጥንበት ሙያ መሆኑን አይተው ተመለሱ። ከዚያ በኋላ መድረኩ የነሱ ሆነ።

አሁን ደበበን እንከተል።

በ1960ዎቹ መጀመሪያ የውጭ ፊልም ሠሪዎች ኢትዮጵያን እያሰቡ ይመጡ ነበር። ደበበም ከነሱ ጋር ሠራ። ስሙን ዓለም እንዲያውቀው ያደረገው በ1965 ዓ.ም. ለሕዝብ የቀረበው «ሻፍት ኢን አፍሪካ» ነው። ሻፍት በሪቻርድ ራውንድትሪ የሚጫወት የኒውዮርክ ጥቁር መርማሪ ነው፤ በዚያ ዘመን ጥቁር ሰው የፊልም ጀግና ሆኖ የቆመባቸው ፊልሞች ገና መታየት በጀመሩበት ጊዜ ስሙ የገነነ ገጸ ባሕርይ ነበር። ሦስተኛው ፊልም መርማሪውን ወደ አፍሪካ አመጣው፤ የአፍሪካ ወጣቶችን እያታለሉ አውሮፓ ወስደው እንደ ባሪያ የሚያሠሩ ነጋዴዎችን እንዲያጋልጥ ተላከ። አዘጋጁ ጆን ጊለርሚን ነበር። ብዙው ክፍል የተቀረጸው እዚሁ ኢትዮጵያ ውስጥ ነው። ደበበም ዋሳ የተባለውን ሰው ሆኖ ከራውንድትሪ ፊት ቆመ። ዛሬ ያንን ፊልም ለሚያይ ኢትዮጵያዊ አንድ ነገር ቶሎ ይታየዋል። ደበበ ለካሜራ አይጮህም። የመድረክ ሰው ሆኖ ሳለ ለካሜራ ዓይን ብቻ እንደሚበቃ ገብቶታል። ያ ትምህርት ነው፤ ቡዳፔስት ያየው ነገር ነው።

እንዲህ ያለ ተዋናይ በሌላ አገር ቢወለድ ኖሮ ስንት ፊልም ይሠራ ነበር? ይህን ጥያቄ በዋዛ አላነሣሁትም። ደቡብ ሕንድ ውስጥ ካናዳ የሚባል ቋንቋ አለ። የዚያ ቋንቋ ተናጋሪዎች ራጅኩማር የሚባል ተዋናይ ነበራቸው። በ1929 እ.ኤ.አ. ገጠር ተወልዶ፣ አባቱ የመድረክ ተዋናይ ነበሩና በልጅነቱ ከተጓዥ ትያትር ቡድን ጋር ተንከራትቶ፣ በ1954 እ.ኤ.አ. ፊልም ገባ። ከዚያ ከ200 በላይ ፊልም ሠራ፤ ያውም ከሞላ ጎደል ሁሉንም በእናቱ ቋንቋ። ሀብታሙ የቦምቤይ ፊልም መንደር ከቋንቋው አላላቀቀውም። በ2000 እ.ኤ.አ. ቪራፓን የተባለ ሽፍታ ጠልፎ 108 ቀን ጫካ ውስጥ ሲይዘው ሕዝቡ አገር ቀውጢ አደረገ። ያንን ያህል ወደዱት፤ በቋንቋቸው ኖሮላቸዋልና።

የኛዎቹ ተዋንያን ችሎታ አላነሳቸውም። ያነሳቸው ፊልሙ ነው። የመጀመሪያው የአማርኛ ፊልም «ሂሩት አባቷ ማነው?» የወጣው በ1957 ዓ.ም. ነው። ከዚያ በኋላ ባሉት ሦስት ዐሥርት ዓመታት የተሠሩት የአማርኛ ልብ ወለድ ፊልሞች በጣት የሚቆጠሩ ናቸው። ፊልም ማለት ያኔ ከውጭ በዶላር የሚገዛ ጥቅል ነበር፤ ተቀርጾ ሲያበቃ የሚታጠበው ውጭ አገር ነው፤ ተመልካች የሚከፍለው ሳንቲም ያንን ወጪ አይመልስም። ጸጋዬን በመድረክ የተሸከመ ተዋናይ ጎልማሳነቱን ያለ ካሜራ አሳለፈ። ዲጂታል ካሜራ ገብቶ አዲስ አበባ ላይ ፊልም እንደ አሸን ሲፈላ እነዚያ ሰዎች ወይ አርጅተዋል፣ ወይ ሞተዋል። እኔ ይህን ስናገር ያንገበግበኛል። አገሪቱ ጥሩ ተዋንያን በነበሯት ሰዓት ካሜራ አልነበራትም።

ምን ነበራት? ሬዲዮ ነበራት። ወጋየሁ ንጋቱም የሚመጣው እዚህ ላይ ነው።

ሐዲስ ዓለማየሁን የማያውቅ የለም። ጎጃም፣ እንዶዳም ኪዳነ ምሕረት ተወልደው፣ በቤተ ክህነት ትምህርት አድገው፣ ከራስ እምሩ ጋር ጣሊያንን ተዋግተው፣ ተማርከው በጣሊያን ደሴቶች ታስረው፣ ነጻ ወጥተው በዲፕሎማትነት ያገለገሉ ሰው ናቸው። «ፍቅር እስከ መቃብር»ን በ1958 ዓ.ም. አሳተሙ። መጽሐፉ ወፍራም ነው፤ ዋጋው ለከተማ ሰው እንኳ ቀላል አልነበረም። በዚያ ላይ ገጠር ውስጥ ማንበብ የሚችለው ከቄሱና ከደብተራው፣ ከተማሪ ቤቱ ልጅም በስተቀር ብዙ ሰው አልነበረም። እንዲህ ያለ መጽሐፍ ሞላሌ ሊደርስ የሚችለው በምን በኩል ነው? በኢትዮጵያ ሬዲዮ ደረሰ። አንባቢው ወጋየሁ ነበር።

በዚያ ዘመን በአንድ መንደር ሬዲዮ ያለው ሰው ጥቂት ነው። ያለውም ሬዲዮኑን አያራቁተውም። በጥልፍ ያጌጠ የጨርቅ ልብስ ያሰፋለታል፤ ማንገቻ ያበጅለታል፤ ገበያ ሲወጣ ትከሻው ላይ አንጠልጥሎት ይወጣል። ባትሪ ድንጋዩ ሲደክም ፀሐይ ላይ አስጥቶ ትንሽ ዕድሜ ይቀጥልለታል። ትረካ ባለበት ምሽት ያ ሰው ቤቱን ለብቻው አያገኘውም። ጎረቤቱ አንድ በአንድ ይገባል። ሴቶቹ የሚፈትሉትን ጠጉር ይዘው መደቡ ጥግ ይቀመጣሉ። ከብት አግብቶ የመጣው ወጣት በሩ አጠገብ ይቆማል። ቆሎ ይቆላል። ጭሱ ዓይን ይቆጠቁጣል፤ ማንም ግን አይወጣም። «ዝም በሉ፣ ጀመረ!» ይላል አንዱ።

ከዚያ ያ ድምፅ ይመጣል።

ወጋየሁ መጽሐፉን ማንበብ ብቻ አልነበረም የሚያደርገው። ተራኪው ሲናገር ድምፁ የረጋ ነው፤ አንዱን ነገር ከሌላው ሳያምታታ፣ ሳይቸኩል፣ እንደ አገር ሽማግሌ ይነግርሃል። ፊታውራሪ መሸሻ አፋቸውን ሲከፍቱ ግን ያው ድምፅ ይወፍራል፣ ይኮራል፣ ሰውን ከላይ ወደ ታች ያያል። ጉዱ ካሳ ሲመጣ ነገሩ ይሾላል፤ ያ እብድ ነው የተባለ ብልህ ሰው የሚናገረው ሁሉ የልብ ቁስል እንዳለበት ከድምፁ ትሰማለህ። ሰብለ ወንጌል ስትናገር ድምፁን አቅጥኖ ሴት ለመምሰል አይሞክርም። ረጋ፣ ለስለስ ያደርገዋል፤ ያ በቂ ነው፤ ልጅቷን ታያታለህ። በዛብህ በአፍረትና በፍርሃት መካከል ሲርበተበት ትንፋሹ ይቆራረጣል። አንድ ሰው፣ አንድ ማይክሮፎን፣ ልብስ የለ፣ ብርሃን የለ፣ መጋረጃ የለ፤ ግን አንድ አገር ሙሉ ሰው ቤቱ ውስጥ ይገባል።

ዝምታው ደግሞ አለ። እኔ ከሁሉ የማደንቀው እሱን ነው። ወጋየሁ አንድ ከባድ ነገር ሊናገር ሲል ትንሽ ዝም ይላል። ዝም ሲል ቤቱ ሁሉ አብሮት ዝም ይላል፤ የምትፈትለዋ እጅ ትቆማለች። ሙሾ የሚያውቅ ሕዝብ ዝምታ መቼ እንደሚያምር ያውቃል። ወጋየሁ የመንዝ ሰው ፊቱ ቁጭ ብሎ እየሰማው እንዳለ ሁሉ ያንን ቦታ አይስትም ነበር።

ሰሚውም ዝም ብሎ አይሰማም ነበር። «ይኼ ፊታውራሪ መቼስ ዳኛ የለበትም እንዴ?» ይላሉ አንድ አዛውንት። «አባባ፣ መጽሐፍ እኮ ነው» ይላል የልጅ ልጅ። «መጽሐፍ ቢሆንስ? መጽሐፍ ውሸት ነው ያለህ ማነው?» ይሉታል። ሴቶቹ በሰብለ ያዝናሉ፤ እናቷ ወይዘሮ ጥሩአይነት ላይ ግን አይስማሙም። አንዷ ትፈርድባቸዋለች፤ ሌላዋ «እሷስ ምን ታድርግ፣ ባሏ ነው እኮ» ትላለች። ውድነሽ በጣሙና ቦጋለ መብራቱ የወለዱትን አንድ ልጅ ለእግዜር ስለት ሰጥተው መልሰው በልባቸው ሲሳሱበት ደግሞ ክርክር የለም፤ ስለት ምን ማለት እንደሆነ ሁሉም ያውቃል።

ሙግቱ የሚጦፈው ስለ ባላገሮቹ ነው። ፊታውራሪ መሸሻ ከደንቡ በላይ እጅ መንሻ ሲጠይቁ፣ ባላገሩም በአበጀ በለው መሪነት እምቢ ሲል፣ ምድጃ ዳር ያለው ሰው ሁሉ ጠበቃና ዳኛ ይሆናል። አንዱ «ትንሽ ቢታገሱ» ይላል። ሌላው «መንዝ ቢሆን ኖሮ ገና ድሮ!» ይላል። ርስት ያለው ሰው ስለ ገባር የሚሰማው በገዛ ቆዳው ነው፤ ያ ጥያቄ ለሱ ከመጽሐፍ የመጣ ወሬ አይደለም። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት አዋጅ ርስቱንም ጉልቱንም ከሻረ በኋላ ትረካውን ለሰማ ሰው ደግሞ ያ ሁሉ ፊታውራሪ፣ ያ ሁሉ እጅ መንሻ ከዓይኑ ፊት የፈረሰ ዓለም ነበር። ወጋየሁ ያንን ዓለም በድምፁ መልሶ አቆመለትና «እስቲ አሁን ፍረድ» አለው። የፖለቲካ ስብሰባ ላይ ስለ ሥርዓቱ የሰማው ሰው ይኖራል፤ ሥርዓቱ ሰውን ምን እንደሚያስመስል፣ ደጉን እንዴት ክፉ፣ ክፉውን እንዴት አሳዛኝ እንደሚያደርግ የሰማው ግን ከዚህ ትረካ ነው።

በመጨረሻ በዛብህ በሽፍታ እጅ ቆስሎ፣ ሰብለ እሱን ፍለጋ የመነኩሴ ልብስ ለብሳ፣ ያ ሁሉ መንገድ በሞት ሲያበቃ ቤቱ ውስጥ የሚያለቅሰው ሴት ብቻ አልነበረም። ጎልማሶች ነጠላቸውን ወደ ዓይናቸው ይወስዱ ነበር። በቀጣዩ ቀን ገበያ ላይ ሰው ሰላምታ ከመለዋወጡ በፊት «ሰማህ?» ይባባል ነበር። አንድ ተዋናይ ከዚህ በላይ ምን ተመልካች ይመኛል?

ወጋየሁን ግን የሬዲዮ ሰው ብቻ አድርጌ እንዳልተወው። መድረክ ላይ ያየው የአዲስ አበባ ሰው የራሱ ወጋየሁ አለው። የጸጋዬን ተውኔቶች ከተሸከሙት ግንባር ቀደሞች አንዱ ነው። ማሞ ውድነህ ስለ ራስ አሉላ በጻፉት «አሉላ አባ ነጋ» ላይ አሉላን ሆኖ ሲቆም፣ በ1879 ዓ.ም. ዶጋሊ ላይ የጣሊያንን ጦር የደመሰሰው ጀግና በሥጋ የተነሣ ያህል ነበር። የኛ አገር ፎካሪ ያንን ትወና ቢያየው ኖሮ እጁን ይዞ «ወንድሜ» ይለው ነበር። የፉከራን ጉልበት የሚያውቅ ሰው ጩኸትና ወኔ የተለያዩ መሆናቸውን ያውቃል፤ ወጋየሁ ወኔው ነበረው።

ወጋየሁ በ1982 ዓ.ም. ሞተ። ገና ጎልማሳ ነበር፤ ተዋናይ የሚበስልበት፣ የአዛውንት ገጸ ባሕርያት የሚጠብቁት ዕድሜ ላይ ነበር። ንጉሥ ሊርን የመሰለ ሽማግሌ ሳይጫወት ሄደ። መንዝ ላይ ለቅሶው ምን ይመስል እንደነበር ለማወቅ ሩቅ መሄድ አያሻም፤ በድምፅ የሚያውቁት ሰው ሲሞት ቤታችሁ ሲያመሽ የነበረ እንግዳ ሞተ ማለት ነው።

ጓደኛው ደበበ ቀረ። ሕይወቱ ግን በመድረክ ብቻ አልቆመም። በ1997 ዓ.ም. ምርጫ ሰሞን የተቃዋሚው የቅንጅት ፓርቲ የሕዝብ ግንኙነት ኃላፊ ሆኖ ፖለቲካ ገባ። ከምርጫው በኋላ በተነሣው ቀውስ ከፓርቲው መሪዎች ጋር ታሰረ፤ በ1999 ዓ.ም. ማብቂያ ላይ በይቅርታ ተፈታ። በ2003 ዓ.ም. መጨረሻ እንደገና ታስሮ ከጥቂት ወራት በኋላ ወጣ። በፖለቲካው የተስማማው አለ፣ የተቃወመው አለ፤ እኔ እዚህ ለመፍረድ አልተነሣሁም። የምለው፣ ዕድሜውን በሙሉ የሌላ ሰው ቃል ሲናገር የኖረ ተዋናይ የራሱን ቃል ለመናገር ወጥቶ ዋጋ መክፈሉን ነው። ዕድሜው በገፋ ጊዜ እስር ቤት ገብቶ የወጣ ሰው ቤቱ ተቀምጦ ቢያርፍ ማንም አይወቅሰውም ነበር። ደበበ ግን ወደ ካሜራው ተመለሰ።

በ2014 እ.ኤ.አ. እስራኤል ውስጥ «ቀይ ቅጠሎች» የሚል ፊልም ወጣ። አዘጋጁ ባዚ ጌቴ ኢትዮጵያ ተወልዶ በልጅነቱ እስራኤል የገባ ቤተ እስራኤላዊ ነው። መነሻ ያደረገው የሼክስፒርን «ንጉሥ ሊር» ነው፤ ንጉሡን ግን ከኢትዮጵያ የመጣ ስደተኛ ሽማግሌ አደረገው። መሠጋኒዮ የሚባሉት እኒህ አዛውንት ሚስታቸው ከሞተች በኋላ ቤታቸውን ሸጠው ልጆቻቸው ዘንድ ሊጦሩ ይነሣሉ። ልጆቹ ግን ሌላ አገር ውስጥ ያደጉ፣ በሌላ ቋንቋ የሚያስቡ ናቸው። አባትየው የሚያውቁት ሕግ አንድ ነው፤ አባት ይከበራል፣ ቃሉ ይሰማል። ያ ሕግ እዚያ ቤት ውስጥ የለም። ሽማግሌው ከልጅ ወደ ልጅ ይዞራሉ፤ ኩራታቸው ይዟቸው ይዞራል፤ ማጎንበስ አያውቁም።

መሠጋኒዮን የተጫወተው ደበበ ነው። ያን ፊልም ያየ የመንዝ ሰው ሩቅ አገር ያለ ታሪክ እያየ መሆኑን ይረሳል። ልጆቹ ደብረ ብርሃን፣ አዲስ አበባ፣ ከዚያም ዐረብ አገር የሄዱበት፣ ለበዓል ስልክ የሚደወልለት፣ ልጠይቃቸው ብሎ ከተማ ሲወርድ የልጅ ልጁ የሚናገረው የማይገባው ስንት አባት አለ በዚህ ደጋ! ደበበ ያንን አባት ብዙ ቃል ሳይናገር ተጫወተው። ወንበር ላይ ሲቀመጥ አቀማመጡ ያስታውቃል፤ ጋቢው ባይኖርም ትከሻው ጋቢ የለበሰ ሰው ትከሻ ነው። ምግብ ሲቀርብለት ዓይኑ መጀመሪያ ማን እንዳቀረበው ያያል። ሲከፋው አይጮህም፤ ይነሣና ይወጣል። ወጋየሁ በዝምታው ሰውን እንደያዘ ሁሉ፣ ደበበም እዚህ በዝምታው ይይዝሃል። ሁለቱ ከአንድ ወንዝ የተቀዱ መሆናቸውን እኔ ያመንኩት ያኔ ነው።

ጓደኛው ሳይጫወተው የሞተውን ሊር ደበበ በስተርጅናው ተጫወተው። የሼክስፒር ንጉሥ በአማርኛ ተናገረ፤ ፊልሙም ኢየሩሳሌም ላይ በዓለም አቀፍ ፌስቲቫል ቀርቦ ተሸለመ።

ከዚህ በኋላ የምለው ስለ ቀረው ነገር ነው። የ«ሻፍት ኢን አፍሪካ» ቅጂ የትም ዓለም ላይ ይገኛል። «ቀይ ቅጠሎች»ም አለ። የወጋየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» ትረካ ከሬዲዮ ወደ ካሴት፣ ከካሴት ወደ ሲዲ፣ ከዚያ ወደ ስልክ ተሻግሮ ዛሬም ይሰማል፤ አያቱ ኩበት ጭስ ውስጥ የሰማውን የልጅ ልጁ ከብት እየጠበቀ በጆሮ ማዳመጫ ይሰማዋል። የመድረኩ ሥራ ግን ብዙው ጠፍቷል። እነዚያ የጸጋዬ ምሽቶች፣ እነዚያ የመንግሥቱ ለማ ሳቆች አብዛኛዎቹ ካሜራ ሳያያቸው አለፉ። የተቀረጹትም በየቤቱ፣ በየመሥሪያ ቤቱ መጋዘን፣ እርጥበትና አቧራ በሚበላቸው የቴፕ ጥቅሎች ላይ ናቸው። አንድ ቴፕ ሲበሰብስ አንድ ተዋናይ ሁለተኛ ይሞታል።

ስለዚህ እናንተ ሆይ፣ ሳጥናችሁን ክፈቱ። አባታችሁ ከሬዲዮ የቀዳው ካሴት ካለ፣ የድሮ ተውኔት የተቀረጸበት ቴፕ ካለ፣ የትያትር ቤት ፕሮግራምና ፎቶግራፍ ካለ፣ አትጣሉት። አዲስ አበባ ያላችሁ ወመዘክር ውሰዱት፤ ገጠር ያላችሁ በወረዳችሁ ባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤት በኩል ላኩት። የሬዲዮ ጣቢያ ኃላፊዎችም መዝገባችሁ ውስጥ ያለውን ትረካ ቀን ሳይመሽበት ወደ ዲጂታል ገልብጡት፤ አንባቢውን፣ ደራሲውን፣ የተቀረጸበትን ዓመት ጻፉበት። የሞላሌ ትምህርት ቤት መምህራን ደግሞ አንድ ውለታ ዋሉልኝ፦ በሳምንት አንድ ሰዓት ልጆቹን ሰብስባችሁ የወጋየሁን ትረካ አሰሟቸው።